አሮጌው በአዲሱ ይተካ?

ሰኞ፣ ጥቅምት 3

ምንም የተለየ ነገር የለም። ጠዋት አባዬን አጣጠብኩት፣ ፂሙን ላጨሁት። ትንሿን ጌም በግራ እጁ ይዞ መስኮቱ ሥር ተቀመጠ። እኔ እስከ ስድስት ሰዓት መነጽር ቤት። የአንዲት አስተማሪ መስታወት ቆረጥኩ፣ ተሰነጠቀ። ደግሜ ቆረጥኩ፣ ተሰነጠቀ። ባለቤቱ ቀና ብሎ አየኝ። ከሚያየኝ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። "ግማሽ ቀን የምትሠራ ሰው ልቧም ግማሽ ነው" ብሎ እያሰበ ይሆናል... ያስብ።

ስመለስ አባዬ በጣቱ ጠራኝ። የጌሟን ስክሪን አሳየኝ። አዲስ ታፔላ ሰቅሏል፦ "ሥጋ ቤት"። በንጉሡ "ሠ"! ትናንት በእሳቱ "ሰ" ነበር የጻፈው። ማንም ሳይነግረው አፍርሶ እንደገና ጻፈው።

ሠላሳ ስምንት ዓመት ታፔላ ሲጽፍ የኖረ ሰው ነው። አብሮት የሚሠራ ሰው "ፀሐይ"ን በጸሎቱ "ጸ" ከጻፈ ብሩሹን ይቀማ ነበር። ከዚያ ስትሮክ መታው። ሁለት ዓመት ሊሆነው ነው። ቀኝ እጁና አፉ አብረው ሄዱ። የንግግር ሐኪሟ "በግራ እጁ የሚነካካው ነገር ፈልጉለት" ስትል የራሴን ጌም ሰጠሁት፤ በእጅ የሚያዝ፣ ሥራ ስሄድ ታክሲ ውስጥ የምጫወትበት። ከተማ መሥራት ነው ጨዋታው። ቤት፣ ድልድይ፣ ሱቅ... በየሱቁ ላይ ታፔላ ይሰቀላል፣ የፈለጉት ይጻፍበታል። የአማርኛውን ፊደል የጫነልን ሰፈሩ "ፕሮፌሰር" የሚለው የጌምና የሞባይል ጠጋኝ ነው።

የመጀመሪያው ታፔላ "ዳ" ብቻ ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ "ዳ" ሆኖ ቆመ። በአራተኛው ቀን "ዳቦ"። ከሁለት ሳምንት በኋላ ቁርስ ላይ ድንገት "ዳቦ" አለ፣ በአፉ! አልቅሼ ሞትኩ። ሁሉም እንደዚያው ነው፤ መጀመሪያ እዚያ ይጽፈዋል፣ ቆይቶ አፉ ላይ ይመጣል። ይኸው አሥራ አራት ወር ሆነው። ዛሬ ቆጠርኩ... ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ታፔላ። ሐኪሟ ፎቶ አንሽልኝ ብላኝ ነበር። ነገ ነገ ስል...

ታላቅ እህቴ እትዬ ደወለች። ቅዳሜ ትመጣለች። "ሰርፕራይዝ አለኝ" አለች። ከሰርፕራይዟ ይሰውረን።


ቅዳሜ፣ ጥቅምት 8

እህቴ ገባች። መጀመሪያ ካርቶኑ ነው የገባው፣ እሷ ከኋላው። ቲቪ ላይ የሚሰካ ትልቅ ጌም። "አባዬ በዚያች የክብሪት ቀፎ ዓይኑን ሊያጠፋ ነው እኮ! በትልቁ ይጫወት!"

ልክ ናት። ይሄ ነው የሚያናድደው። መነጽር ቤት የምሠራው እኔ፣ ዓይኑን የምታስበው ከሌላ ከተማ በዓመት ሦስቴ የምትመጣው እሷ።

"ይወደዋል፣ አይደል? አዎ ይወደዋል" እያለች ራሷ ጠይቃ ራሷ ትመልሳለች። አባዬ ከንፈሩን አንቀሳቀሰ። ቃሉ እስኪመጣ ማን ይጠብቀዋል... ወሬዋን ቀጠለች።

"ትንሿን ጌም እንዳትነኪያት" አልኳት።

"ማን ነካት?"


እሑድ፣ ጥቅምት 9

ሳሙናና የአባዬን መድኃኒት ልገዛ ወጣሁ። ሁለት ሰዓት ብቆይ ነው። ስመለስ ቲቪው ላይ አረንጓዴ ሜዳ። ባዶ። መሃል ላይ አንዲት ድንኳን። አባዬ ፊት ለፊቱ ተቀምጧል፣ ግራ እጁ ጉልበቱ ላይ።

"አሻገርኩት!" አለች እትዬ። "ሁሉንም ከትንሿ ወደ ትልቁ አሻገርኩት!"

"ከተማውስ?"

"እየጫነ መሰለኝ..."

ምኑን ነው የሚጭነው? ትንሿን አንስቼ ከፈትኩ። ያው ሜዳ። ያችው ድንኳን።

"ምንድን ነው የነካሽው? አንድ በአንድ ንገሪኝ።"

ነገረችኝ። መጀመሪያ ትልቁ ላይ "ይሠራ እንደሆን ልየው ብዬ" አምስት ደቂቃ ተጫውታለች። ድንኳን ተክላለች። ከዚያ ሁለቱንም በአንድ አካውንት ከፈተቻቸው። "ከዚያ ጠየቀኝ፤ አሮጌው በአዲሱ ይተካ? አለኝ። አዎ አልኩ... አዲስ አይሻልም እንዴ?"

አዲስ አይሻልም እንዴ!!

ምን እንዳልኳት ሁሉንም አላስታውስም። "ሳይጠሯት አቤት፣ ሳይልኳት ወዴት" ብያታለሁ። ውጪልኝ ብያታለሁ። ቦርሳዋን በሩ ላይ ያስቀመጥኩላት እኔ ነኝ። "እኔ እኮ ለሱ ብዬ..." ስትል በሩን ዘጋሁት።

አባዬ "ከ... ከ..." አለ። ከተማ ሊል ነው። እሱን ቃል ከጻፈው አምስት ወር ሆኖታል፣ ገና አፉ ላይ አልመጣለትም። "ተበላሽቶ ነው አባዬ፣ ነገ ይስተካከላል፣ አይዞህ" አልኩት። ብርድ ልብሱን ጉልበቱ ላይ አደረግኩለት። ትንሿን ጌም ቁም ሳጥኔ ውስጥ ቆለፍኩባት።


ሰኞ፣ ጥቅምት 10

አልደውልላትም። ብትለምነኝም አልደውልላትም።


ማክሰኞ፣ ጥቅምት 11

ከሥራ ቀጥታ ፕሮፌሰር ጋ። ሱቁ ውስጥ ሁለት ሰው አይቆምም፤ አንዱ ከገባ አንዱ ይወጣል። መነጽሩን ግንባሩ ላይ አድርጎ ሰማኝ። (የግራው መስታወት ተጭሯል፤ አስተካክልልሃለሁ ብዬው አልፌያለሁ።)

"ጌሙ ቢጠፋ ችግር የለም፣ እንደገና ይወርዳል" አለኝ። "ሴቩ፣ የተጫወቱት የሚቀመጥበት፣ ነው ጉዱ። ሴቭ ከተጫወተው ሰውዬ እጅ በቀር የትም አይወርድም። ማሽኑ ደግሞ ምን ያውቃል? ቀን ብቻ ነው የሚያየው። የእህትሽ የአምስት ደቂቃ ድንኳን አዲስ፣ የአባትሽ አሥራ አራት ወር አሮጌ።"

"ስለዚህ አለቀለት?"

"ቆይ እንጂ። ክላውድ ላይ፣ ኢንተርኔቱ ውስጥ፣ ቅጂ ይኖራል። ራሱ በየቀኑ ነው የሚያስቀምጠው... እስቲ..." ነካካ፣ ነካካ። "የመጨረሻው ቅጂ የካቲት ሠላሳ ነው። ከዚያ ወዲህ የለም። ማስቀመጡን አጥፍታችሁታል።"

"ማነው ያጠፋው?"

"ይኸው፤ ከዚህችው ከትንሿ። መዝግቦታል። ራሱ አይጠፋም፣ የሰው እጅ ነው።"

አባዬ እዚያ ድረስ መግባት አይችልም። እትዬ ያኔ አልነበረችም።

ትዝ አለኝ። የኢንተርኔት ጥቅሉ በሦስት ቀን እያለቀ ሲያስቸግረኝ... ሽንኩርት እየከተፍኩ፣ በአንድ አውራ ጣት፣ መጠባበቂያውን አጠፋሁት። በኋላ እከፍተዋለሁ ብዬ። ሰባት ወር።

"የየካቲቱን ልመልሰው?" አለኝ። "ያለውን ግን ይተካዋል።"

"ቆይ" አልኩት።

ለምንድን ነው ቆይ ያልኩት? አውቀዋለሁ። ከመለስኩት እትዬ "ለምን እስከ የካቲት ብቻ?" ትለኛለች።


ረቡዕ፣ ጥቅምት 12

መልእክት ላከች፣ አንድ ክንድ የሚሆን። "ይቅርታ፣ ግን አንቺም ብታስረጂኝ ኖሮ..."

ይቺ "ግን"! ቆሽቴን ያሳረረችው ይቺ "ግን" ናት። የት ነበረች? ማነው ማንኪያ በግራ እጅ ያስያዘው? ማነው "ዳ"ን ሦስት ቀን ቁጭ ብሎ ያየው? የራሷ እያረረባት የሰው ታማስላለች!

መለስኩላት፦ "ጌም አይደለም ያጠፋሽው። የአባዬን አፍ ነው የደመሰስሽው።" ላኩት። ደስ አለኝ። ደስታው ግን ደረጃውን እስክወርድ አልቆየም።

የካቲት ሠላሳ... ሆድ ይፍጀው።


ዓርብ፣ ጥቅምት 14

የንግግር ሐኪሟ ጋ ቀጠሮ። አባዬ አንድ ቃል አልተነፈሰም። ስዕል ስታሳየው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። "ዳቦ" እንኳ... "ዳቦ"ን እንኳ!

"ጌሙን ዛሬ አላመጣችሁትም?" አለችኝ።

"ቻርጀሩ ተበላሽቶ ነው።"

አባዬ ዞሮ አየኝ። ረጅም ጊዜ አየኝ። እኔም የግድግዳውን ሰዓት አየሁ።

ኮሪደር ላይ ነገርኳት፤ የእህቴን። የራሴን አይደለም። ጠረጠረችኝ መሰለኝ፣ "የታፔላዎቹ ፎቶስ?" አለች። አላነሳሁም አልኩ። "እሱስ ምን አለ?" አለችኝ።

"ምን ይላል? መናገር አይችል።"

"ጠይቀሽዋል?"

ደሜ ፈላ። በሳምንት አርባ ደቂቃ የምታየው ሰው እኔን ታስተምረኛለች! እሱን ሽንት ቤት የማደርሰው፣ ሲያመው ቀድሜ የማውቀው፣ ቀን ከሌት... ደህና ይዋሉ እንኳ ሳልላት ወጣሁ። ታክሲ ውስጥ አባዬ እጁን ልይዘው ስል ቀስ አድርጎ ሳበው።


ቅዳሜ፣ ጥቅምት 15

ሁሉንም ልጻፈው። እንደሆነው።

እትዬ ሳትነግረኝ መጣች። በሩን ስከፍት በእጇ ያተመችው ወረቀት፣ መዓት ነው። "ጠይቄያለሁ" አለች፣ ገና ሳትቀመጥ። "ሰው ስጠይቅ ነው የሰነበትኩት። ክላውድ ላይ የግድ ቅጂ አለ አሉኝ። አይተሽዋል?"

ወጥ ቤት ነን። አባዬ ሳሎን። በሩ ክፍት ነው... በሩ ክፍት መሆኑን ሁለታችንም ረስተናል።

"አይተሽዋል ወይ?" ደገመችው።

"አለ!" ጮህኩ። "እስከ የካቲት አለ! ከዚያ ወዲህ የለም፣ እኔ አጥፍቼዋለሁ! እኔ ነኝ! ደስ አለሽ?"

ወረቀቶቹን ምድጃው ላይ አስቀመጠቻቸው። ድምጿ ሲቀንስ ነው የምፈራት። "ሳምንት ሙሉ አፉን ደመሰስሽው ስትዪኝ... ይህን ታውቂ ነበር?"

"ከማክሰኞ ጀምሮ።"

"ከማክሰኞ ጀምሮ!"

ከዚያማ... አሳዳጊ የበደለን መሰልን። እኔ እሷን እንግዳ አልኳት። እሷ እኔን፦ "አዎ እንግዳ ነኝ! አንቺ አባዬን እንደ ዕቃ ቆልፈሽበት፣ ቁልፉን አንገትሽ ላይ አስረሽ! ስመጣ ምን እንደሚወድ ካንቺ ነው የምጠይቀው! ከሱ አታስደርሺኝማ!" አለችኝ። እኔም፦ "በስልክ አሥር ደቂቃ ልጅነት ቀላል ነው!" አልኳት። ሌላም ተባብለናል። አይጻፍም።

ሳሎን አንድ ነገር ወደቀ።

ዞር ስንል አባዬ በሩ ላይ ቆሟል። ብቻውን ተነስቶ! ግራ እጁ መቃኑን ጨብጧል። የጌሙ ጆይስቲክ ከኋላው ወለሉ ላይ። ፊቱ ቀልቷል። ልይዘው ስሮጥ በጣቱ "ቁሚ" አለኝ።

"የ... የኔ" አለ።

ጠበቅን። ሌላ ምን እናድርግ?

"የኔ... ከተማ።"

መጣለት። ከተማ።

"ማን... ማን ጠየቀኝ?"

ወደ እትዬ ጣቱን ቀሰረ። "አንቺ... ነካሽ።" ወደ እኔ ዞረ። "አንቺ... ዋሸሽ።" ከዚያ ትንፋሹን ሰብስቦ፣ በንቀት፣ ጥርት አድርጎ፦ "ቻርጀር!"

መሬት ብትከፈት እገባ ነበር። አርባ ዓመት ሊሞላኝ ነው፤ እንደ ተማሪ እጄን ወደ ኋላ አድርጌ ቆምኩ። እትዬም ከጎኔ እንደዚያው።

"ው... ጡ።"

ወጣን። የፎቁ ደረጃ ላይ ተቀመጥን። እሷ አለቀሰች፣ እኔ አላለቀስኩም። ንዴቴ አልወጣልኝም፤ ማን ላይ እንደማራግፈው ብቻ ነው የጠፋኝ። ጎረቤታችን ጄሪካን ይዛ በመሃላችን አለፈች። "ምነው፣ ቁልፍ ጠፋባችሁ?" አለች። "አይ፣ ተባርረን ነው" አለቻት እትዬ፣ አፍንጫዋን እየጠረገች።


እሑድ፣ ጥቅምት 16

እትዬ እዚሁ አደረች። ጠዋት ፕሮፌሰር ጋ ደውዬ አሠራሩን ጻፍኩ። ሁለቱንም ጌሞች አባዬ ፊት አስቀመጥናቸው። ነገርነው፤ በልጅ አፍ ሳይሆን በደንቡ።

"ይሄኛው ድንኳኑ ብቻ ነው" አልኩት። "ክላውድ ላይ ያለው ደግሞ እስከ የካቲት ሠላሳ የሠራኸው። ዘጠና አንድ ታፔላ ነው። መምረጥ ያንተ ነው።"

"ቀ... ሪውስ?"

"የለም አባዬ። መቶ ሃያ አንዱ ጠፍቷል፣ አይመለስም። መጠባበቂያውን ያጠፋሁት እኔ ነኝ። እሷ የነካችው አንዴ ነው፤ እኔ ግን ሰባት ወር ሙሉ እንደጠፋ ትቼዋለሁ።"

እንባው ወረደ። ከዚያ ተሳደበ። ስድቡ! እኔ እዚህ የማልጽፈው፣ ቀለም የተደፋበት ጊዜ የሚሳደበው የድሮው ስድብ፣ ከነዘር ማንዘራችን፣ ሳይደነቃቀፍ፣ እንደ ውሃ ወረደ። እትዬ አፏን ያዘች። (ሐኪሟ አንድ ጊዜ ብላኝ ነበር፤ ስድብ ከአንጎል በሌላ በር ነው የሚወጣው።)

ሲበቃው ጆይስቲኩን ጉልበቱ ላይ አደረገ። የካቲትን መረጠ። ማሽኑ ጠየቀ፦ ያለው በቅጂው ይተካ?

አውራ ጣቱ "አዎ"ን አለፈው። ተመለሰ። አሁንም አለፈው። የእትዬ እጅ ሲዘረጋ አየሁ፤ ያዝኩት። ትንሽ ቆይቶ የኔ እጅ ተዘረጋ፤ እሷ ያዘችው። እንደዚያው እጅ ለእጅ ተያይዘን ተቀመጥን፣ በፍቅር እንዳይመስል!

"አዎ" የሚለውን ራሱ ተጫነ።

ከተማው ቲቪውን ሞልቶ መጣ። ድልድዩ፣ ዳቦ ቤቱ፣ ልብስ ሰፊው። አባዬ ወደ ስክሪኑ ተጠግቶ አንድ በአንድ አያቸው። በትልቁ ሲያያቸው ሦስት ስሕተት አገኘ።


ሐሙስ፣ ጥቅምት 20

አኩርፎኛል። ፂሙን ልላጨው ምላጭ ይዤ ስመጣ ራሱን ነቀነቀ። "ፀ... ጉር ቤት" አለ። ፀጉር ቤት ወሰድኩት። እኔ ውጭ እንድጠብቅ አደረገኝ።

ሃያ ወር ሙሉ እኔ ላጭቼው፣ አንድ ቀን አልወደደውም ማለት ነው? ወይስ አልጠየቅኩትም? እሱም ያናድዳል፣ ይሄም ያናድዳል።


ሰኞ፣ ኅዳር 1

ሳምንት ሙሉ እያስታወስኩ የጠፉትን ታፔላዎች ጻፍኩለት። ስልሳ ሦስት ቃል። ቆንጆ አድርጌ፣ በትልልቁ። ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩለትና ሥራ ሄድኩ።

ስመለስ ወረቀቱ አራት ቦታ ታጥፎ የሚወዛወዘው ጠረጴዛ እግር ሥር ነው። ጠረጴዛው ቀጥ ብሏል።

አዲስ የሰቀላቸውን አየሁ፤ አንዱም እኔ ከጻፍኩት ውስጥ የለም። "ጫማ ጠጋኝ"። "ውሃ ልክ"። "የሚከራይ ክፍል"። አፉ ላይ የሚመጡበትም ፍጥነት ጨምሯል፤ ሐኪሟ በሳምንት አምስት አዲስ ቃል መዘገብኩ አለች። ባለፈው ሳልሰናበታት ለወጣሁት ይቅርታ ጠየቅኳት። "ለምጄዋለሁ፣ አስታማሚዎች ሁሌም መጀመሪያ የሚቆጡት እኔን ነው" አለችኝ።

ትንሽ ቀለል አለኝ። ወረቀቱ ግን ሳምንት የፈጀ ነበር!


ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

ጠዋት እትዬ ደወለች። ቅዳሜ መምጣት ፈልጋለች። ስልኩን ለሱ እንድሰጠው ጠየቀችኝ። ስልኩ በሁለታችን መሃል ነው፣ ድምፁ ይሰማል።

"አባዬ፣ ልምጣ?"

አሰበ። እውነትም አሰበ። "ነዪ" አላት። "ባ... ዶ እጅሽን።"

መነጽር ቤት ለባለቤቱ ከመጪው ሰኞ ጀምሮ ሙሉ ቀን እገባለሁ አልኩት። አባዬ ከሰዓትም ብቻውን መቆየት ይፈልጋል፤ ጎረቤታችን በየመሃሉ ብቅ ትላለች። ይህንንም ጠይቄው ነው፤ "እ... ሺ" አለ፣ በጣም ቶሎ። ቅር አለኝ።

ከሰዓት፣ መጠባበቂያው በየቀኑ እየገባ መሆኑን ልየው ብዬ ትንሿን ጌም ከፈትኩ። አራት ቁጥር ጠየቀችኝ። ቁጥር ጠይቃኝ አታውቅም! የተወለደበትን ዓመት ሞከርኩ። የእናቴን ሞከርኩ። የራሴን ሞከርኩ... የእትዬንማ አያደርገውም ብዬ እሱንም ሞከርኩ። ሁሉም አይደለም። ለእትዬ ደወልኩ፤ "ለኔም አልነገረኝም!" አለች፣ ቅር ብሏት። እሷን መጠርጠሬ ከአጠያየቄ ገባት መሰለኝ፣ ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም።

ሳሎን ገባሁ።

"አባዬ፣ ቁጥሩ ስንት ነው?"

ዓይኑን ከቲቪው አላነሳም። "አልነ... ግርሽም።"

"እንዴት አትነግረኝም? ቢጠፋብህስ? መጠባበቂያው ቢቋረጥስ?"

"አየሁት። ይሠ... ራል።"

"አንተ ብትረሳውስ? ማን ይከፍትልሃል?"

"አል... ረሳም።"

"ይህን ሁሉ ለፍቼ፣ አሁን እንደ ሌባ..." ድምፄ ከፍ አለ። አይቆጣጠሩት ነገር። "እልኸኛ ነህ! ዱሮም እልኸኛ ነህ! እናቴም በዚህ ነው የተቃጠለችው!"

ጆይስቲኩን አስቀመጠ። ዞረ። "አን... ቺስ?" አለኝ። "አንቺስ... ማንን ወጣሽ?"

ወጥ ቤት ገብቼ ድስቱን ከሚገባው በላይ አንኳኳሁት። እዚያ ቆሜ ነው የገባኝ። ሁለት ዓመት ሙሉ አዘንኩለት፣ አባበልኩት፣ እሺ እሺ አልኩት። አንድ ቀን ተቆጥቼው አላውቅም። ዛሬ ተቆጣሁት። እሱም አልዋጠውም፣ መለሰልኝ።

እራት አቀረብኩ። ጨው አንሶታል ብሎ ጣቱን ወደ ጨዉ ቀሰረ፤ ሰማሁ አልኩት። ፊት ለፊት ተቀምጠን፣ ተኳርፈን በላን።